ማማ ካያይ፡ ስማቸውን ለገጸ ባሕርያቸው ያስረከቡት የኬንያ ቴሌቪዥን ተዋናይት

ሜሪ ካቬሬ ማን ናቸው ተብሎ በናይሮቢ ጎዳና ቢጠየቅ፣ ለመመለስ የሚያመነታው ሰው ጥቂት አይሆንም። «ማማ ካያይስ?» ከተባለ ግን ማሰብ አያስፈልግም። ዕድሜው ሠላሳን የተሻገረ ኬንያዊ ሁሉ ለማለት በሚያስደፍር ሁኔታ፣ ለባሏ የማትመለሰውን ያቺን ኃይለኛ የቤት እመቤት ያውቃታል። ድምጿን ያውቃል፣ አነጋገሯን ያውቃል፣ የባሏንም ስም ያውቃል።

ባሏ ምዜ ኦጅዋንግ ነው። ሁለቱ «ቪቲምቢ» በተሰኘው የስዋሂሊ አስቂኝ ድራማ፣ ከ1980ዎቹ ጀምሮ ለሦስት አሥርት ዓመታት ገደማ በኬንያ መንግሥት ቴሌቪዥን ላይ ባልና ሚስት ሆነው ኖረዋል (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በስማቸውም በአነጋገራቸውም ከቪክቶሪያ ሐይቅ ዳርቻ የመጡ የሉዎ ብሔረሰብ ባልና ሚስት ይመስሉ ነበር፤ ተመልካቹም እንደዚያው ተቀብሏቸዋል።

ከካሜራው ጀርባ ነገሩ ሌላ ነበር። ምዜ ኦጅዋንግን የተጫወቱት ቤንሰን ዋንጃው ኪኩዩ ነበሩ። ማማ ካያይን የተጫወቱት ሜሪ ካቬሬ ደግሞ የምዕራብ ኬንያው የሉህያ ሕዝብ ተወላጅ ናቸው። ከሁለት ብሔረሰብ የመጡ ሁለት ሰዎች፣ የሦስተኛ ብሔረሰብ ባልና ሚስት ሆነው፣ ለሁሉም ሁለተኛ በሆነ ቋንቋ አገሩን ሲያስቁ ኖረዋል ማለት ነው። የብሔር ፖለቲካ ደም ባፋሰሰባት ኬንያ ይህ ተራ ነገር አይደለም።

«የእገሌ እናት»

«ማማ» የሚለው ቃል በስዋሂሊ «እናት» ማለት ነው። በኬንያ ከተሞችም ሆነ በገጠር፣ ወልዳ የሳመች ሴት በገዛ ስሟ መጠራቷ እየቀረ በልጇ ስም ትታወቃለች፤ ጎረቤት፣ ባለሱቅ፣ አንዳንዴ ባሏም ጭምር «ማማ እገሌ» ይላታል። በኢትዮጵያም «የአበበ እናት» ማለት ለሰሚው እንግዳ አይደለም። ልዩነቱ በኬንያ ይህ አጠራር ከአክብሮት መግለጫነት አልፎ መደበኛ መጠሪያ መሆኑ ነው።

«ማማ ካያይ» በዚህ ልማድ የተሠራ ስም ነው። ገጸ ባሕርይዋ ራሷ በሌላ ሰው ስም የምትጠራ ሴት ሆና ተጻፈች፤ ተዋናይቱ ደግሞ በገጸ ባሕርይዋ ስም መጠራት ጀመሩ። ጋዜጦች ስለ ሜሪ ካቬሬ ሲጽፉ፣ አንባቢ ማን እንደሆኑ እንዲያውቅ «ማማ ካያይ» የሚለውን መጨመር ግድ ሆነባቸው። ከጊዜ በኋላም አብዛኞቹ በርዕሳቸው ላይ ያንኑ ብቻ አስቀሩ። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል እንዲሉ፤ በእርሳቸው ላይ ግን ከመቃብር በላይ የሚውለው ስም የማን ነው የሚለው ጥያቄ ገና በሕይወት ሳሉ ተነሥቷል።

በሃሪ ቱኩ ጎዳና

የኬንያ ቴሌቪዥን ሥርጭት የጀመረው ነጻነት ከመገኘቱ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1962 ነው። የመጀመሪያው የማሰራጫ ጣቢያ የቆመው ከናይሮቢ ብዙም በማትርቀው ሊሙሩ በሚገኝ የእርሻ ቤት ሲሆን፣ ምስሉ የሚደርሰው በዙሪያው ለሃያ አራት ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ነበር። በ1964 መንግሥት ተቋሙን ወርሶ «ቮይስ ኦፍ ኬንያ»፣ የኬንያ ድምፅ አለው። በዚያው ዓመት በኖቬምበር መግቢያ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥንም በአዲስ አበባ ሥርጭቱን ጀምሯል። ሁለቱ ጎረቤት አገሮች ወደ ምስል ዘመን የገቡት እግር በእግር ተከታትለው ነው። በ1989 ቮይስ ኦፍ ኬንያ እንደገና ወደ ቀድሞ ስሙ፣ ወደ ኬንያ ብሮድካስቲንግ ኮርፖሬሽን ወይም በአጭሩ ኬቢሲ ተመለሰ።

የጣቢያው ዋና ሕንጻ በናይሮቢ ሃሪ ቱኩ ጎዳና ላይ ይገኛል። ስለዚህ ጎዳና ጥቂት ማለት ይገባል፤ የኬንያ ትያትርና ቴሌቪዥን ታሪክ በአብዛኛው የተሠራው በዚህ አጭር መንገድ ግራና ቀኝ ነውና። በ1952 የተከፈተው የኬንያ ብሔራዊ ትያትር እዚያው ነው። ኖርፎክ ሆቴል ፊት ለፊቱ ነው። የናይሮቢ ዩኒቨርሲቲ ከጎኑ ነው። መንገዱ ስያሜውን ያገኘው በ1922 በቅኝ ገዢዎች ከታሰረው የፖለቲካ መሪ ከሃሪ ቱኩ ሲሆን፣ መሪው ይፈታ ብለው ከተሰበሰቡት መካከል ወንዶቹን «ሱሪያችሁን ስጡኝ» በሚል መንፈስ ያነሣሣችውና በጥይት የወደቀችው ሜሪ ሙቶኒ ኒያንጂሩም የምትታወሰው በዚሁ አካባቢ ነው።

ሜሪ ካቬሬና ባልደረቦቻቸው ሥራቸውን ለሕዝብ ያደረሱት በዚህ ጣቢያ ነው። በጊዜው ሌላ ጣቢያም አልነበረም። የመጀመሪያው የግል ቴሌቪዥን ኬቲኤን ሥርጭት እስከጀመረበት እስከ 1990 ድረስ፣ ኬንያዊ ቴሌቪዥኑን ሲከፍት የሚያገኘው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ከምሽቱ 1 ሰዓት የስዋሂሊ ዜና፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት የእንግሊዝኛ ዜና፣ በመሃል ደግሞ እነ ቪቲምቢ። ቴሌቪዥን ያለው ቤት ጥቂት ነበርና ጎረቤት ተሰብስቦ ያይ ነበር። የአንድ ቻናል ዝና እንዲህ ያለ ነው፦ ተመልካቹ አልመረጣቸውም፣ ግን ሁሉም ያውቃቸዋል።

«ቪቲምቢ» ማለት ተንኮል፣ ቀልድና ጉድ የተቀላቀለበት ነገር ማለት ነው። አብሮት የሚነሣው ሌላው የጣቢያው አንጋፋ አስቂኝ ዝግጅት «ቪዮጃ ማሃካማኒ» ሲሆን፣ «የፍርድ ቤት ጉዶች» ብለን ልንተረጉመው እንችላለን፤ በየሳምንቱ አንድ ተከሳሽ ይቀርባል፣ ምስክር ይሰማል፣ ዳኛም ተመልካችም መሳቃቸውን ለመደበቅ ይታገላሉ። ከእነዚህ ጎን ቆም ያሉ ድራማዎችም ነበሩ። በ1987 የጀመረው «ቱሻውሪያኔ»፣ «እንመካከር» ማለት ነው፣ ስለ ቤተሰብ ምጣኔ ለማስተማር የተዘጋጀ ተከታታይ ድራማ ነበር፤ በዚያ ዘመን የኬንያ የሕዝብ ዕድገት በዓለም ከፍተኛ ከሚባሉት አንዱ ነበርና። ከዓመታት በኋላ «የቀን ቅኝት» የተሰኘውን የሬድዮ ድራማ የተከታተሉ የኢትዮጵያ አድማጮች የዚህን ዓይነት ሥራ ባሕርይ ያውቁታል። በ1990ዎቹ የተወደደው «ታውሲ» ደግሞ በስሙ ብቻ ለአማርኛ ተናጋሪ ቅርብ ነው፤ ጣዎስ ማለት ነው።

ፖለቲካ የማይገባበት ሳቅ

እነዚህ አስቂኝ ድራማዎች ለምን ቤት ውስጥና ፍርድ ቤት ውስጥ ብቻ ሲዞሩ ኖሩ? ለመረዳት ወደ ሊሙሩ መመለስ ያስፈልጋል። የቴሌቪዥን ማሰራጫው በተተከለበት በዚያው አካባቢ፣ ካሚሪዙ በተባለች መንደር፣ ደራሲው ንጉጊ ዋ ቲዮንጎ ከንጉጊ ዋ ሚሪ ጋር የጻፉትን የኪኩዩኛ ትያትር ገበሬዎችና የፋብሪካ ሠራተኞች ራሳቸው በኦክቶበር 1977 ለመድረክ አበቁት። የመሬትና የደመወዝ ጥያቄን በሕዝቡ ቋንቋ ያነሣ ሥራ ነበር። ትያትሩ በሳምንታት ውስጥ ታገደ። ንጉጊ በዓመቱ ማብቂያ ላይ ያለ ፍርድ ታስረው አንድ ዓመት ያህል በእስር ቆዩ። በ1982 ደግሞ የመንደሯ ክፍት አየር መድረክ በመንግሥት ኃይሎች ፈረሰ።

በዚያው በ1982 ኦገስት ወር መግቢያ ላይ የአየር ኃይል ወታደሮች የመንግሥት ግልበጣ ሲሞክሩ በመጀመሪያ ከያዟቸው ቦታዎች አንዱ የቮይስ ኦፍ ኬንያ ስቱዲዮ ነበር፤ ጋዜጠኛው ሊዮናርድ ማምቦ ምቦቴላ በጠመንጃ ታጅበው የግልበጣውን መግለጫ እንዲያነቡ ተገደዱ። ሙከራው በሰዓታት ውስጥ ከሸፈ። ከዚያ በኋላ ስቱዲዮው እንደ ጦር ሰፈር የሚጠበቅ፣ የሚተላለፈው ቃልም የሚመዘን ሆነ።

የቪቲምቢ ዘመን የመጣው ከዚህ ቀጥሎ ነው። ስለ ፕሬዚዳንቱ መቀለድ አይቻልም፤ ስለ ስስታም ባል፣ ስለማትሸነፍ ሚስት፣ ስለ ሰነፍ ሠራተኛና ስለ ወሬኛ ጎረቤት መቀለድ ግን ይቻላል። ስለዚህ የጎጆው ሳቅ የደህንነት ሳቅ ነበር ብሎ መንቀፍ ቀላል ነው፤ አንዳንድ የኬንያ ሃያስያንም ይህንኑ ይላሉ። ነገር ግን ቪቲምቢን ለተመለከተ ሰው፣ ቤቱ ራሱ ትንሽ መንግሥት ነበር። «አዛዥ እኔ ነኝ» የሚል አባወራ አለ፤ ሥልጣኑ ግን በስም ብቻ ነው። ነገሩን የምታውቀው፣ ሒሳቡን የምትይዘውና መጨረሻ ላይ የምትወስነው ማማ ካያይ ናት። በሞይ ዘመን በመንግሥት ጣቢያ ላይ፣ «አባት» ተብሎ የሚጠራ ሰው በየሳምንቱ ሲሸነፍ ማየት ያለ ትርጉም አልነበረም።

የሜሪ ካቬሬ ችሎታም የሚታየው እዚህ ላይ ነው። በአስቂኝ ጥንድ ውስጥ ሳቁን የሚቀበለው አብዛኛውን ጊዜ አንደኛው ነው፤ በቪቲምቢ ሳቁን የሚያስነሣው ኦጅዋንግ ነበር። ሁለተኛው ሰው ሥራው ቀልዱ እንዲያርፍበት መሬት መሆን ነው፦ መጠበቅ፣ ዝም ማለት፣ በዓይን መገላመጥ፣ ቃሉን ሳይቸኩሉም ሳይዘገዩም መመለስ። አንድ ቅጽበት ከቀደሙ ቀልዱ ይጨነግፋል፤ አንድ ቅጽበት ከዘገዩ ይቀዘቅዛል። ይህ ሥራ ሲሳካ አይታይም፤ ሽልማትም እምብዛም አያገኝም።

ሦስት አንደበት

ኬንያ ከአርባ በላይ ቋንቋዎች የሚነገሩባት አገር ናት። ስዋሂሊ የባሕር ዳርቻ ሕዝብ ቋንቋ ሆኖ ተነሥቶ የሁሉም መግባቢያ ሆኗል፤ በ2010ሩ ሕገ መንግሥት ብሔራዊ ቋንቋና ከእንግሊዝኛ ጋር የሥራ ቋንቋ ተብሎ ተደንግጓል። ከሞምባሳ ርቆ የተወለደ ሰው ግን ስዋሂሊን የሚናገረው የእናቱን ቋንቋ ቅላጼ ይዞ ነው። ኬንያዊ የማያውቀውን ሰው ሁለት ዓረፍተ ነገር ካናገረው ከየት እንደመጣ ይገምታል።

ቅላጼው የራሱ ሕግ አለው። የሉዎ ቋንቋ «ሽ» የሚል ድምፅ የለውም፤ ስለዚህ ትምህርት ቤት ማለት የሆነው «ሹሌ» በሉዎ አንደበት «ሱሌ» ይሆናል፣ ችግር ማለት የሆነው «ሺዳ»ም «ሲዳ» ይባላል። ኪኩዩው ደግሞ «ል»ን ከ«ር» ያምታታል፤ «ላላ»፣ ተኛ ለማለት ሲፈልግ «ራራ» ሊል ይችላል። ሉህያው «ግ»ን ወደ «ክ»፣ «ብ»ን ወደ «ፕ» ያጠብቃል፤ መኪና፣ ማለትም «ጋሪ»፣ «ካሪ» ይሆናል። በዚህ ላይ የስዋሂሊ ሰዋስው ስሞችን በልዩ ልዩ መደብ ከፍሎ ግሡንና ቅጽሉን በዚያው ልክ እንዲስማማ ያዛል። ከመሃል አገር የመጣው ሰው ይህን ስምምነት ሲጥሰው ለጆሮ እንዴት እንደሚሰማ ማወቅ የፈለገ የአማርኛ ተናጋሪ፣ «እናቴ መጣ» ሲባል የሚሰማውን ፈገግታ ያስታውስ።

እንግዲህ የቤንሰን ዋንጃውንና የሜሪ ካቬሬን ሥራ በዚህ ሚዛን ማየት ነው። አንዱ የኪኩዩ፣ አንዷ የሉህያ አንደበታቸውን መሸሸግ ነበረባቸው። ከዚያ ትክክለኛውን ስዋሂሊ ማወቅ፤ ሕጉን ሳያውቁ መጣስ አይቻልምና። ከዚያ ደግሞ ያንን ስዋሂሊ ሉዎ በሚሰብረው መንገድ መስበር። ሦስት አንደበት በአንድ አፍ። ብዙ ተመልካች ሁለቱን በእርግጥ ሉዎ ናቸው ብሎ ማመኑ ለሥራቸው ከፍተኛው ምስክር ነው። በኢትዮጵያም የክፍለ ሀገር አነጋገር የሚያስመስሉ ኮሜዲያን ሞልተዋል፤ አብዛኞቹ ግን ለደቂቃዎች ያህል አስመስለው ወደ ራሳቸው ይመለሳሉ። ለሠላሳ ዓመት ያህል በሌላ ሰው አነጋገር መኖር ፈጽሞ የተለየ ነገር ነው።

ማስመሰል ማላገጥ አይደለም ወይ የሚል ጥያቄ ይነሣል፤ ተገቢም ነው። በኬንያ የሉዎና የኪኩዩ ልሂቃን ቁርሾ ከ1969 ጀምሮ፣ የሉዎው ፖለቲከኛ ቶም ምቦያ በናይሮቢ መሃል በጥይት ከተገደሉ ወዲህ ተዳፍኖ አያውቅም። ከ2007 ምርጫ በኋላ በተነሣው ግጭት ከ1,100 በላይ ሰዎች ሲሞቱ፣ በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ከቤታቸው ተፈናቅለዋል። በመንገድ ላይ የቆሙ ወጣቶች መንገደኛውን ከየት እንደሆነ የሚለዩት አንድም በመታወቂያው፣ አንድም በአነጋገሩ ነበር። ያ በቴሌቪዥን ሳቅ የሚያስነሣው ቅላጼ በመንገድ ላይ የሞት ፍርድ ሊሆን ይችል ነበር ማለት ነው።

በዚህች አገር ውስጥ አንድ ኪኩዩና አንዲት ሉህያ ሉዎ ሆነው ሲጫወቱ ከሉዎውም ከኪኩዩውም ወገን መወደዳቸው፣ ከፖለቲከኞቹ የአንድነት ንግግር ይልቅ ክብደት ያለው ይመስላል። ምክንያቱም ገጸ ባሕርያቱ የሚሳቅባቸው ሉዎ በመሆናቸው አልነበረም። ባልየው ስስታም ስለሆነ፣ ስለሚዋሽ፣ ስለሚያዝበትም ነው። እንዲህ ያለ ባል በሁሉም ብሔር አለ።

ከማንችስተር እስከ ስድስት ኪሎ

በገጸ ባሕርይ መዋጥ የኬንያ ብቻ ታሪክ አይደለም። የቴሌቪዥን ድራማ ገና ልጅ በነበረበት ዘመን በብሪታኒያም ተመሳሳይ ነገር ሆኗል። ቫዮሌት ካርሰን በማንችስተር የተወለዱ ፒያኖ ተጫዋችና ዘፋኝ ሲሆኑ፣ ለብዙ ዓመታት በሬድዮ ሠርተዋል። በዲሴምበር 1960 «ኮሮኔሽን ስትሪት» የተባለው ተከታታይ ድራማ ሲጀመር፣ የፀጉር መረብ የምትደፋ፣ ሰው ሁሉ የሚፈራት ባልቴት ሆነው ቀረቡ። ገጸ ባሕርይዋ ኤና ሻርፕልስ ትባላለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ለሃያ ዓመት ያህል ለብሪታኒያ ሕዝብ እርሳቸው ኤና ሆኑ፤ ፒያኖው ተረሳ። አንድ ነገር ብቻ ተረፈላቸው፤ በ1960ዎቹ አንድ አበባ አራቢ ያወጣው የጽጌረዳ ዝርያ «ቫዮሌት ካርሰን» ተብሎ ተሰየመ። አበባው የተሰየመው በተዋናይቱ እንጂ በባልቴቷ ስም አይደለም።

በኢትዮጵያ የአስናቀች ወርቁ መንገድ ሌላ ነበር። በአማርኛ ትያትር የሴት ገጸ ባሕርያትን ወንዶች በሚጫወቱበት ዘመን መድረክ ላይ በመውጣት ከቀደሙት አንዷ፣ ምናልባትም የመጀመሪያዋ፣ የስድስት ኪሎዋ ልጅ አስናቀች ናቸው። ክራራቸውና ድምፃቸው በራሳቸው ስም አስጠርቷቸዋል፤ የትኛውም ገጸ ባሕርይ ስማቸውን አልወሰደውም። በ2011 ሲያርፉ ግን የመጨረሻ ዓመታቸውን ያሳለፉት በሕመም አልጋ ላይ ነበር። ስም መትረፉ ኑሮ ተረፈ ማለት እንዳልሆነ የእርሳቸው ሕይወት ያሳያል።

ዝናና ኪስ

በናይሮቢ ይህ ጥያቄ በአደባባይ የወጣው በምዜ ኦጅዋንግ ዓይን ምክንያት ነው። ቤንሰን ዋንጃው በስተርጅና ዓይናቸው እየደከመ መጥቶ መታከሚያ ሲያጡ፣ ወሬው በማኅበራዊ መገናኛዎች ተዛመተና ሕዝቡ ለሕክምናቸው ገንዘብ አዋጣ። አገሩን ለአሥርት ዓመታት ያሳቀ ሰው ለዓይኑ መታከሚያ ከሕዝብ መጠየቁ ብዙዎችን አሳፍሯል። ጁላይ 12 ቀን 2015 በኬንያታ ብሔራዊ ሆስፒታል በ78 ዓመታቸው አረፉ። ሐዘኑ ሲነገር፣ ትዳራቸውን የያዙት እውነተኛ ባለቤታቸው ቢሆኑም፣ የመገናኛ ብዙኃን ስለ «መበለቲቱ» ሲያስቡ በመጀመሪያ የታወሳቸው የስክሪን ሚስታቸው ማማ ካያይ ነበረች። ሜሪ ካቬሬ ባልደረባቸውን ሸኙ፤ ሕዝቡ ግን ባሏን የቀበረችውን ካያይን አየ።

የዚያ ትውልድ ተዋንያን ለኬንያ ጋዜጦች በተለያየ ጊዜ የተናገሩት ተመሳሳይ ነው፤ ክፍያው በተቀረጸው ክፍል ልክ የሚሰላ፣ አነስተኛና የሚዘገይ ነበር፤ ዝግጅቱ በድጋሚ ሲታይ ደግሞ ምንም የሚገኝ ነገር የለም። በአንድ ቻናል አገር ተዋናዩ ወዴት ይሄዳል? ተፎካካሪ አሠሪ ከሌለ ዝና በዋጋ ድርድር ላይ ምንም አይጨምርም። ገጸ ባሕርይዋም ብትሆን የጣቢያው እንጂ የተዋናይቱ ንብረት አይደለችም።

ሕጉ የተሻሻለው ዘግይቶ ነው። የ2001ዱ የኬንያ የቅጂ መብት ሕግ ለተዋንያን የራሳቸውን መብት እውቅና ሰጥቷል፤ በኋላም የተዋንያንን የጥቅም ድርሻ የሚሰበስብ ማኅበር ተቋቁሟል። ሕግ መኖሩና ገንዘብ መድረሱ ግን ለየብቻ ናቸው። ችግሩ የአሮጌው ትውልድ ብቻ እንዳልሆነም ታይቷል፤ በ2021 «ታሂዲ ሃይ» በተባለው የግል ጣቢያ ድራማ «ኦሞሽ» ሆነው የታወቁት ጆሴፍ ኪኑቲያ በካሜራ ፊት ቀርበው እርዳታ ሲጠይቁ፣ ኬንያውያን እንደገና ገንዘብ አዋጡ። ሕዝቡ ለጋስ ነው፤ ያለ ጥርጥር። ግን መዋጮ የደመወዝ ምትክ ሲሆን፣ አንድ የተሳሳተ ነገር መኖሩን ለማወቅ የሒሳብ ባለሙያ መሆን አያሻም።

ለሴት ተዋንያን ደግሞ አንድ ተጨማሪ ጠባብ በር አለ። በዚያ ዘመን የተጻፈላቸው ሚና ከሞላ ጎደል ሚስት፣ እናት፣ አማት ወይም የቤት ሠራተኛ ነው። ወንዱ ተከሳሽም፣ ፖሊስም፣ አለቃም፣ ሰካራምም ሆኖ እየተለዋወጠ ሲቀርብ፣ ሴቷ «ማማ» ሆና ትቀራለች። ሜሪ ካቬሬ በዚያ ጠባብ ሚና ውስጥ ሰፊ ሰው መፍጠራቸው የችሎታቸው ምልክት ነው፤ ሌላ ሚና ቢሰጣቸው ኖሮ ምን ያደርጉ ነበር የሚለውን ግን ያ ሥራ ሊመልስልን አይችልም።

ከአንድ ቻናል በኋላ

ከ1990 በኋላ የኬንያ አየር ተከፈተ። በ1990ዎቹ መጨረሻ ሦስት የዩኒቨርሲቲ ወጣቶች «ሬዲኩላስ» በሚል ስም ፕሬዚዳንት ሞይን ራሳቸውን በአደባባይ ማስመሰል ጀመሩ፤ ቪቲምቢ ሊነካው ያልቻለው መስመር ተሻገረ። የግል ጣቢያዎች በረከቱ፣ በየብሔረሰቡ ቋንቋ የሚያሰራጩ ሬድዮዎች ተከፈቱ፤ የቪቲምቢም ተመልካች በየፊናው ተበተነ።

የቪቲምቢ አሻራ በጉልህ የታየው በሲቲዝን ቴሌቪዥን በ2007 በጀመረው «ፓፓ ሺራንዱላ» ላይ ነው። ዝግጅቱ መሪ ተዋናዩ ቻርልስ ቡኬኮ በ2020 እስካረፉበት ዓመት ድረስ ዘልቋል። እዚያም አባወራ ነኝ ባይ ወንድ አለ፣ እዚያም ቅላጼ አለ፣ እዚያም በሁሉም ነገር የምትበልጠው ሚስት አለች። ሚስቱን ዊልብሮዳን ጃኪ ኒያሚንዴ፣ የቤት ሠራተኛዋን አዊንጃን ደግሞ ጃኪ ቫይክ ተጫወቱ። ሁለቱም ተዋናዮች እንደ ሜሪ ካቬሬ በገጸ ባሕርያቸው ስም መጠራት ጀመሩ፤ አዊንጃ ሲባል የሚዞረው ሰው ከጃኪ ይልቅ ብዙ ነው።

የተለወጠው ስሙን የሚጠቀሙበት መንገድ ነው። ኒያሚንዴ ድራማው ሳያበቃ «ዊልብሮዳ» የሚለውን ስም ይዘው ወደ ሬድዮ ገቡ፤ የጠዋት አድማጭ ያወቃቸው በዚያው ስም ነው። በተለያዩ ጣቢያዎች፣ በማስታወቂያና በኢንተርኔት ቪዲዮ መካከል መምረጥ የሚችል ትውልድ፣ ከድራማው የተረፈውን ስም ንግድ አደረገው። የማማ ካያይ አሮጌ ክፍሎችም ዛሬ በኢንተርኔት ይታያሉ። ከሥራቸው በሚጻፉት አስተያየቶች ውስጥ ሰዎች ልጅነታቸውን፣ የጎረቤት ቤት ቴሌቪዥንን፣ ከዜና በፊት የነበረውን ሰዓት ያነሣሉ፤ ለተዋናይቱ ሰላምታ የሚልኩላቸውም አብዛኞቹ «ማማ» እያሉ ነው።